ጊዜን ላፋጠኑልን ኃላፊ

ለተከበሩ የፈተና ጽሕፈት ቤቱ የኮምፒውተር ክፍል ኃላፊ፣

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ ለእርስዎ ጤናን፣ ለቤተሰብዎ ሰላምን፣ ለአዲሱ የቆዳ ወንበርዎም ረጅም ዕድሜን እመኛለሁ። እኔ በአንድ ማሠልጠኛ ኮምፒውተር የማስተምር፣ ሰሞኑን ስምዎ በተነሣ ቁጥር እህል አልወርድ የሚለኝ ሴት ነኝ። ታናሽ እህቴ በአዳራሽዎ ለጸሐፊነት የትየባ ፍጥነት ፈተና ተፈትና ወድቃለች። የወደቀችው እጇ ዘግይቶ ሳይሆን ሰዓትዎ ቸኩሎ ስለ ሆነ፣ ምስጋናዬን በአደባባይ ላቀርብ ግድ ሆነብኝ።

አንደኛ፣ የአዳራሹን የግድግዳ ሰዓት «አርጅቷል» ብለው አስወርደው፣ በምትኩ በየሰዓቱ በገዛ ድምፅዎ «ጊዜ ወርቅ ነው፣ በአግባቡ ተጠቀሙበት» የሚል ጌጠኛ ሰዓት በኮምፒውተሮቹ ሁሉ ላይ ስላስጫኑልን እናመሰግናለን። ራስ ሳይጠና ጉተና የሚባለው ይኸው ነው።

ሁለተኛ፣ ያ ጌጠኛ ሰዓት ብቻውን አልመጣም። ክቡርነትዎ እንደሚያውቁት፣ ማለቴ ሊያውቁት ይገባ እንደ ነበረው፣ በአንድ ኮምፒውተር ላይ ያሉ ፕሮግራሞች ጊዜ የሚቆጥርላቸውን ፋይል በየግላቸው አይዙም፤ ላይብረሪ የምንለውን አንድ የጋራ ፋይል እየተዋሱ ይሠራሉ፤ የአንድ ግቢ ተከራዮች ሁሉ መተላለፊያው ላይ የተሰቀለውን አንድ ሰዓት እያዩ እንደሚወጡና እንደሚገቡ ማለት ነው። ጌጠኛው ሰዓትዎ ከየት እንደ ተለቀመ የማይታወቅ የዚያን ፋይል አሮጌ ቅጂ ይዞ ገባና ደህናውን አስወጥቶ ቦታውን ያዘ። ከዚያ ወዲያ አንድ ደቂቃ ሲያልፍ ሁለት ይቆጠር ጀመር፤ ምስኪኑ የፈተና ፕሮግራምም ያንኑ አምኖ የአንድ ሰዓቱን ፈተና በግማሹ ዘጋው። የክፍልዎ ባለሙያ «የጋራ ፋይል ሳይሞከር አይነካም» ብትልዎ፣ «ሰዓት ለመጫን ደግሞ የምን ሙከራ ነው?» ብለው እንደ መለሱላት ሰምቻለሁ። ጀማሪ ተማሪዬ እንዲህ ቢለኝ ከክፍል አስወጣው ነበር፤ እርስዎን ግን ማን ያስወጣዎታል?

ሦስተኛ፣ ቋቅ ያለኝ ይኼኛው ነው። ተፈታኞቹ ሲጀምሩ አንዴ፣ ገና ሥራቸውን ሳያጋምሱ ደግሞ ሁለተኛ ያንን ድምፅዎን ሰምተው «ኧረ ሰዓቱ ሮጠብን!» ቢሉ፣ እርስዎ ከቢሮዎ ብቅ ብለው «እጃችሁ ቀርፋፋ ሆኖ ሰዓት ታማላችሁ?» አሏቸው። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይሏል ይህ ነው። ወይ አለማፈር!

አራተኛ፣ በማግስቱ ደህናውን ፋይል ድምፅ ሳያሰሙ አስመለሱ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ፤ ይሁን፣ እሱም አንድ ነገር ነው። ውጤቱ ይታረም ስንል ግን «አንዴ ጸድቋልና አይነካም» ተባልን። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም አሉ፣ እርስዎ ዘንድ ሁለቱም ተገናኝተዋል።

ክቡር ሆይ፣ እህቴን እናታችን ከሞተች ወዲህ ያሳደግኋት እኔ ነኝ። ቁልፎቹን ሳታይ፣ ከእኔ ጋር እየተሟገተች ትተይብ የነበረች ልጅ፣ ዛሬ በስልኳ መልእክት ስትጽፍ እንኳ ጣቷን አፍጥጣ እያየች ነው። «እትዬ፣ እውነት ቀርፋፋ ነኝ እንዴ?» ትለኛለች። ሰዓቱ ነው ብላት፣ እህቷም አስተማሪዋም ስለ ሆንኩ ላጽናናት የምዋሽ ይመስላታል። እኔን ሳይሆን እርስዎን አመነች፤ ከሁሉም ያንገሸገሸኝ ይህ ነው።

ስለዚህ ፈተናው ይደገም። ከዚያ በፊት ግን በዚያው አዳራሽ፣ በዚያው ባማረ ድምፅዎ «ጥፋቱ የሰዓቱ ነበር፣ ሰዓቱንም ያስጫንኩት እኔ ነኝ» ብለው በየሰዓቱ እንዲያሰሙልን በታላቅ ትሕትና እለምናለሁ። ጌጠኛው ሰዓት ያኔ ለመጀመሪያ ጊዜ ይጠቅማል።

ከወገቤ ዝቅ፣ ከአንገቴ ግን ቀና ብዬ፣ ለክቡርነትዎ የሚገባዎትን አክብሮት፣ ከሚገባዎት ሳላስበልጥ፣ አቀርባለሁ።

የ«ቀርፋፋዋ» ታላቅ እህት

ማሳሰቢያ፦ ያንን አሮጌ ፋይል አደራ እንዳይጥሉት። የቀረው የኃላፊነት ዘመንዎ በእሱ እንዲቆጠር ለበላይዎ አመልክቻለሁ።