የኬልቄዶን ጉባኤ በሲሬ

ነቀምቴ፣ እሑድ፣ ጥር 17

በጥልቅ ሐዘን ለራሴ የወጣ መግለጫ፦ የአዲሱ ጫማዬ ማሰሪያ ዛሬ ጠዋት ተበጥሷል።

ከሰዓት ደግሞ፣ ሰናይትን ሊጠይቁልኝ ሲሬ የሄዱት ሽማግሌዎቼ ባዶ እጃቸውን ተመለሱ። እኛ ጴንጤ ነን፤ የእሷ ቤት ኦርቶዶክስ ነው። እኔም በመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤት የጥንት ጉባኤያትን የማስተምር ሰው ስለሆንኩ፣ ስለ ክርስቶስ ባሕርይ ቢጠየቁ የሚመልሱትን ሳምንት ሙሉ አስጠንቻቸው ነበር።

ትልቁ ሽማግሌ ኦቦ ዲንሳ ግን እስኪጠየቁ አልታገሡም። ገና ሳይቀመጡ፣ "በኬልቄዶን የተጣላነው በቃላት ነው እንጂ በልብ አንድ ነን" አሉ።

አባቷ ጋሽ ሞላም፣ "እኔ ልጁ ይጠጣል ወይ ልል ነበር። ካነሣችሁት ግን፣ በቃላት ብቻ አይደለም!" አሉ። እስከ ምሳ ተሟገቱ።

"ልጅቷስ?" አልኳቸው ኦቦ ዲንሳን።

"ሃይማኖታችን አይገጥምም አሉ አባትየው። ኦብሲ ኢልማ ኮ፣ ቻለው ልጄ" አሉኝ፣ ዓይን ዓይኔን ሳያዩ።

እንግዲህ እኔ ሳልወለድ ባሕር ማዶ የተሰበሰቡ ጳጳሳት ሰናይትን ከለከሉኝ።

ማረሚያ፦ ከላይ ጳጳሳቱ ከለከሉኝ የተባለው በስህተት ነው። ማምሻውን ደውዬላት ነበር። አባቷ ከሙግቱ በኋላ "አንቺ እሺ ካልሽ እኔም እሺ ብያለሁ" ብለዋታል። እምቢ ያለችው እሷ ናት።