ግዝቱና ፊርማው

ሰኞ

እኔው ነኝ የጠራኋቸው። ሳይቸግረኝ ጤፍ ብድር! ባለቤቴ ደሳለኝ የሥራዬን ነገር ባነሳሁ ቁጥር ፊቱን ሲያዞርብኝ፣ ያስማሙናል ብዬ የነፍስ አባታችንን አባ ሞላን ቤት ድረስ አስመጣሁ። የምሠራበት የዩኒፎርም ስፌት ቤት ባለቤት እትዬ አስካለ ቋሚ ሊያደርጉኝ ነው። ውሉን እስከ ዓርብ መፈረም አለብኝ። ደመወዙ ደሳለኝ በመምህርነት ከሚያገኘው ይበልጣል። በቃ፣ ጥፋቴ ይቺ ናት።

አባ ጭቅጭቃችን ሲበዛባቸው መስቀላቸውን አወጡ። “ባልሽ ሳይፈቅድ ብትፈርሚ ግዝት ነው” አሉኝ። ምን ላድርግ? ተሳለምኩ።

ማክሰኞ

ሦስት ኮሌታ አበላሸሁ። እትዬ አስካለ ግዝቱን ስነግራቸው ይስቁብኛል ብዬ ነበር። አልሳቁም። ግዝት ከሆነማ አልገፋፋሽም አሉ። እሳቸውም ፈሩ።

አባ ጋ ደወልኩ፤ ዝግ ነው። ቤታቸው ሄድኩ። ጉልበታቸውን ሊታጠቡ ወንዛዬ ፍልውሃ ወርደዋል አሉ ሚስታቸው።

ረቡዕ

ልጄን ለጎረቤታችን ለዝናሽ ሰጥቼ፣ ለደሳለኝ ሥራ እውላለሁ ብዬ ዋሽቼ ወንዛዬ ሄድኩ። አባ ጋቢያቸውን ተከናንበው ፀሐይ ይሞቃሉ። እግራቸው ላይ ወድቄ አለቀስኩ፤ ሰው ያያል አላልኩም። ይፍቱኝ አልኳቸው። አዘኑልኝ። ማዘናቸው ደግሞ ያናድዳል።

“ልጄ፣ ባልሽ ፈቅጃለሁ ይበለኝ፤ ያኔ እፈታሻለሁ” አሉኝ። ስልካቸውን ከፍተው ሊጠብቁ ቃል ገቡ።

ሐሙስ

ውሸቴንም ጭምር ለደሳለኝ ነገርኩት። የተማሪ ደብተር እያረመ ነበር። ቀና እንኳ አላለም።

“እኔ መቼ ገዘትኩሽ? ያሰሩሽ አባ ናቸው።”

አባ ወደ እሱ፣ እሱ ወደ አባ። እኔ መሀል ላይ። መምህራን ጓደኞቹ ሚስትህ ታብላህ እንጂ እያሉ እንደሚቀልዱበት አውቃለሁ። ታዲያ እኔ ምን ቤት ነኝ? በንዴት ሽሮውን አሳረርኩት። እንዳረረ በላው።

ዓርብ

እትዬ አስካለ ውሉን ስፌት መኪናዬ ላይ አስቀመጡልኝ። እስክሪብቶውን ያዝኩ። ግዝት መጣስ ለልጅ ይተርፋል ሲባል ነው ያደግሁት፤ ልጄ ፊቴ ላይ ድቅን አለችብኝ። ሳልፈርም መለስኩት። እስከ ነገ ስድስት ሰዓት እጠብቅሻለሁ፣ ከዚያ ለሌላ ሰው ነው አሉኝ።

ቤት ስገባ ደሳለኝ በር ላይ ቆሟል።

“ፈረምሽ?”

አልፈረምኩም አልኩት። ክው አለ።

“እኔኮ እልኽሽን ስለማውቅ ትፈርሚያለሽ ብዬ ነበር። ከመጪው ሰኞ ጀምሮ ልጅቷን እንድትይዝልን ዝናሽን ለምኛት መምጣቴ ነው።”

ልሳቅ ወይስ ላልቅስ? ለዝናሽ የተገኘ አፍ ለእኔ ምነው ጠፋ? ይህንኑ አልኩት። ስልኩን አንስቶ አባ ጋ ደወለ። አሁን ማግኘት አይችሉም ትለዋለች የቴሌዋ ሴትዮ። ደግሞ ደወለ። ነገ በመጀመሪያው ሚኒባስ ወንዛዬ እወርዳለሁ ይላል። እስከ ስድስት ሰዓት ይደርስ ይሆን? እንጃ።

አምስት ዓመት ሙሉ ከስፌት መኪናዬ አጠገብ የማላነሳትን የራሴን መቀስ ዛሬ ከሥራ እንደተሰናበተ ሰው ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ መጥቻለሁ። ያወቅሁት አሁን ገና ነው።