በባዶ አፍ የሚቀመጡ ልጆች

ለእህቴ ለዩስራ፣ አሰላሙ ዓለይኩም ወራህመቱላህ። ጤናሽ እንዴት ነው? ያ ጉንፋን ለቀቀሽ ወይስ አሁንም እያስነጠሰሽ ነው? ሩዙንስ ለመድሽው? እኛ አልሐምዱሊላህ ሁላችንም ደህና ነን፤ ናፍቆትሽ ብቻ ነው ያስቸገረን። ኢንተርኔቱ ከተቋረጠ ስለሰነበተ ይህንን በወረቀት ጽፌ፣ ለትምህርት ወደ ኢንዶኔዥያ ለሚመለሰው ለአብዱልቃዲር ሰጥቼዋለሁ።

በመጨረሻ የላክሽልን ፎቶ ቤቱን በአንድ እግሩ አቁሞት ነበር። ከክፍል ጓደኞችሽ ጋር ጫማችሁን አውልቃችሁ፣ መንገድ ዳር ምንጣፍ ላይ ክብ ሠርታችሁ የተቀመጣችሁበትን ማለቴ ነው። ከሥሩ ደግሞ "ከዐስር ሶላት እስከ ዒሻ እንዲህ ነን፤ ኖንግክሮንግ ይሉታል" ብለሽ ጽፈሻል። አንቺ ልጅ! ጭሮ ውስጥ ወጣት ጫማውን አውልቆ ምንጣፍ ላይ እስከ ዒሻ ሲቀመጥ ምን እንደሚያደርግ ረሳሽው እንዴ? አባባ "ልጄ መቃም ጀመረች!" ብለው ጮኹ። ሠላሳ ዓመት ጫት እየነገዱ ልጆቻቸውን ግን አንዲት ቅጠል እንዳንነካ ያስማሉን ሰው፣ "በቃ ትምህርቱ ይቅርባት፣ ትመለስ" አሉ። እማዬ አለቀሰች።

እኔ ጠበቃሽ ሆኜ የነገርሽኝን ሁሉ ዘረዘርኩላቸው። ሴቶቹ ሒጃባቸውን ከጫማቸው ቀለም ጋር እንደሚያስማሙ፣ የኮሪያ ዘፈን በቃላቸው እንደሚያውቁ፣ ሞተር ሳይክል በስልክ እንደሚጠሩ፣ ምግቡን ፎቶ ሳያነሱ እንደማይቀምሱ ነገርኳቸው። ቡናው ውስጥ የጋለ ፍም እንደሚከቱ ስነግራቸውማ "ይኸው! ምርቃና ካልሆነ ምንድነው?" ብለው ባሰባቸው። እኔም ራሴ ይገርመኛል፤ ከሰሉ ጥርሳችሁ ውስጥ አይገባም?

በሦስተኛው ቀን ግን ስልኬን ተቀብለው፣ መነጽራቸውን አድርገው፣ የገለምሶ ጫት ሲገዙ እስሩን እንደሚመረምሩት እያንዳንዱን ፊት መረመሩ። "የማንም ጉንጭ አላበጠም። ምንጣፉም ላይ የጫት ገረባ የለም። ልጄን በከንቱ ጠረጠርኳት፣ ትማር" አሉ። እልል ልል ስል "ታዲያ አራት ሰዓት ሙሉ በባዶ አፍ ምን ያወራሉ?" ብለው ቀና አሉና ዓይናቸው ግራ ጉንጬ ላይ ቀረ። ከበርጫ ተነስቼ ነበር የመጣሁት። አዎ ዩስራ፣ እቅማለሁ፤ ሁለት ዓመት ሆነኝ፣ ከአንቺም ደብቄሻለሁ። ወላሂ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። አልተቆጡኝም፤ ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

በማግስቱ ከዐስር በኋላ በረንዳው ላይ ምንጣፍ አንጥፈው "ና፣ እኛም እንሞክረው" አሉኝ። ይኸው አሥራ አንድ ቀናችን ነው፤ እኔም ከዚያ ወዲህ አልቃምኩም። ችግሩ ወሬው ነው። የገበያውንና ያንቺን ነገር ካወራን በኋላ እሳቸውም መንገዱን ያያሉ፣ እኔም አያለሁ። ሃያ አራት ዓመት አብሬያቸው ኖሬ የምላቸው ነገር አጣሁ፤ ይህ ያሳዝነኛል። እባክሽ ጓደኞችሽን ጠይቂልኝ፤ ወሬውን ማን ይጀምረዋል? ዝም ሲባልስ ምን ያደርጋሉ? ሳታሳጥሪ ጻፊልኝ።

እማዬ ዓይንሽን ትስምሻለች፤ ሶላትሽን አደራ ትላለች። ትንሿ እህታችን ረዲያ ፎቶው ላይ ያየሁትን የሎሚ ቀለም ሒጃብ ካልላክሽልኝ አኩርፋለሁ ብላለች። ጎረቤታችን አዳነችም ሰላም ብላሻለች። አባባም ሰላም ይሉሻል፤ ዐስር ሰግደው ምንጣፉ ላይ ቁጭ ብለው እየጠበቁኝ ስለሆነ እዚህ ላይ ላብቃ።

ወንድምሽ መስዑድ
ጭሮ፣ ጥር 18 ቀን 2010 ዓ.ም.