ስለ አቅልል ብናኝና ስለ አንዲት ሙሽራ መውጫ

ለብርቅ ንጥረ ነገሮች ጥበቃና ቁጥጥር ጽሕፈት ቤት ክቡር ኃላፊ
እንጅባራ

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንዴት ሰንብቷል? የእንጅባራ ብርድ ጉልበትዎን እንዳይነካብኝ፣ የቢሮዎ ወንበርም ወገብዎን እንዳያደክምብኝ ከልብ እመኛለሁ። እኛ በእርስዎ ትእዛዝ ከግቢያችን እንዳንወጣ ከተደረግን ዛሬ ሰባ ሦስተኛ ቀናችን ነው እንጂ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደኅና ነን።

ደረሰ ወገኔ እባላለሁ። በአዲስ ቅዳም አቅራቢያ የዲከረንስ ዛፍ ተክዬ፣ ከሰል አክስዬ የምኖር ሰው ነኝ፤ አራት ዓመት የቀበሌ ጸሐፊ ሆኜ ስለሠራሁም የመሥሪያ ቤት ወግ አይጠፋኝም።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ላስረዳ። ኅዳር ላይ የከሰል ጉድጓድ ስቆፍር ከሥሩ ሰማያዊ ብናኝ ወጣ። ይህ ብናኝ ቁንጥር ያህል የነካው ዕቃ ክብደቱን ይጥላል፤ ሁለት ጎልማሳ የሚያነሣውን የከሰል ጆንያ ባለቤቴ ሰርክአዲስ በአንድ እጇ አንጠልጥላ ስትሄድ አይቼ አማተብኩ። በሰው ገላ ላይ ግን ሰማያዊ ሆኖ ከመቅረት በቀር የሚያደርገው የለም። መንደርተኛው «አቅልል» አለው። ጎረቤቶቼ ቅበረውና ዝም በል ብለው መከሩኝ፤ እኔ ግን ሕግ አክባሪ ነኝና ኔትወርክ ፍለጋ ዳገት ወጥቼ ለእርስዎ ደወልኩ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን የጣለችው ሴትዮ ከእኔ ትሻላለች፤ እሷ ቢያንስ ለኃላፊ አልደወለችም። መብራት ስድስት ዓመት የጠበቅን ሰዎች እርስዎን በሁለት ሰዓት ውስጥ ደጃችን ላይ በማየታችን ግን እስካሁን ተደንቀን አላበቃንም።

ስለዚህ ምስጋናዬን በየተራ ላቅርብ።

አንደኛ፣ የመመሪያዎን አንቀጽ ሦስት በራችን ላይ ስለለጠፉልን አመሰግናለሁ። አቅልል የነካው ሰውም ሆነ ዕቃ፣ እነሱን የነካም ጭምር፣ የጽሕፈት ቤቱ ማኅተም ካላረፈበት በቀር ካለበት ስፍራ ንቅንቅ እንዳይል ያዝዛል። ያን ዕለት እርስዎ ሦስት ጆንያ ናሙና ጭነው ሲወጡ የመኪናዎ ጎማ ሰማያዊ ሆኖ፣ መኪናው ራሱ ኮረኮንቹ ላይ እንደ ኳስ ይነጥር ነበር። ሆኖም በጆንያዎቹም በመኪናው በርም ላይ ማኅተም ስላረፈ በሰላም ሄዳችሁ። ማኅተም ከጠበል በላይ እንደሚያነጻ ባለማወቄ ይቅርታ እጠይቃለሁ። የእኛን እግር ሳሙናም አመድም አላስለቀቀውም።

ሁለተኛ፣ ዳገቱ ስለተከለከለኝ ለኔትወርክ ጣሪያዬ ላይ እየወጣሁ፣ የመውጫ ፈቃድ ለማግኘት አራት ጊዜ ደውዬ፣ አራት ጊዜም አመልካች እንጅባራ ድረስ በአካል ቀርቦ መፈረም እንዳለበት በትሕትና ተነግሮኛል። በአካል ለመቅረብ ፈቃዱ ያስፈልገኛል፤ ፈቃዱን ለማግኘት በአካል መቅረብ ያስፈልገኛል። ይህን ያሰበ ሰው ከሰል አክሳይ ቢሆን ኖሮ ጭሱ እንኳ መውጫ አያገኝም ነበር።

ሦስተኛ፣ እንዲጠብቀን የላኩልን ይኸነው ጨዋ ሰው ነው። አንድ ማለዳ ብርዱ ቢጸናበት እሳት ልሙቅ ብሎ ገባ፤ ሊወጣ ሲል አንቀጽ ሦስትን ራሱ አንብቦ ተመልሶ ተቀመጠ። ይኸው ወር አለፈው፤ ጠባቂዬን ከጓዳዬ እየቀለብኩ ነው። የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም ሲባል እሰማ ነበር፤ የእኛው ግን ጅቡም ሳይመጣ አብሮን ታስሯል። በእሱ ምትክ የላኩት ሁለተኛው ዘበኛ ብልጥ ነው፣ ከአጥሩ አሥር እርምጃ ርቆ ይቆማል።

አራተኛውን ስጽፍ ቀልዱ ያልቅብኛል። ልጄ ፍቅርአዲስ የፊታችን እሑድ ትዳራለች። እጮኛዋ እንዳልካቸው የአዘና ልጅ ነው፤ ሚዜዎቹ ፈረሶቻቸውን አስጊጠው ተዘጋጅተዋል። ችግሩ፣ እኛ ግቢ የገባ አይወጣም፤ እሷም ካልወጣች ሠርግ የለም። ወላጆቹ ባለፈው ሳምንት ሽማግሌ ልከው፣ ከአጥር ማዶ ቆመው፣ ሙሽሪት እሑድ ካልወጣች ነገሩ እንደሚቀር ነግረውኛል። አልፈርድባቸውም፤ ለታሰረች ሙሽራ ማን ይደግሳል። ልጄ እንሶስላዋን ሞቃ፣ ቀዩ በሰማያዊው ላይ አልይዝ ብሏት እጇን ነጠላዋ ውስጥ ደብቃ ተቀምጣለች። አንድ ቀን እንኳ ለምን ደወልክ አላለችኝም፤ ብትለኝ ይሻለኝ ነበር። ክቡር ሆይ፣ እኔ ፈርቻለሁ። ልጄ በእኔ ታማኝነት ምክንያት ቆማ ልትቀርብኝ ነው።

እሷን ብቻ ማኅተም መትታችሁ ልቀቁልኝ ብዬ ለምኜ፣ ማኅተም የሚመታው በንብረት ላይ እንጂ በሰው ላይ አይደለም ተብያለሁ። ልጄን ጆንያ አድርጌ ባለመውለዴ ጥፋተኛ ነኝ።

እንግዲህ ዕድሜና ሹመት ይጨምርልዎ፤ በርዎ አይዘጋብዎ፣ ደጅዎ ላይ ዘበኛ እንጂ ሽማግሌ አይቁምብዎ እያልኩ፣ ካለሁበት ንቅንቅ ሳልል፣ ከወገቤ ጎንበስ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

ትእዛዝዎን በሰማያዊ እግሩ የተሸከመው
ደረሰ ወገኔ

ግልባጭ፦
ለእንዳልካቸው ወላጆች፣ አዘና

ማሳሰቢያ፦ ይህን የጻፍኩት ብናኙ ካልለቀቀው ጠረጴዛዬ ላይ፣ ወረቀቱ እንዳይነሣብኝ በክርኔ ተጭኜ ነው። ማኅተም የለውም፤ ከሰል አክሳይ ማኅተም ከወዴት ያመጣል። ብልጡ ዘበኛዎ በተሰነጠቀ እንጨት ጫፍ ሰክቶ ስለሚያመጣው እጁ አይነካውም፤ እርስዎ ግን እስከዚህ ድረስ በባዶ እጅዎ ይዘው እንዳነበቡት እገምታለሁ። እስቲ ወረቀቱን ለቀቅ ያድርጉት። አየር ላይ ከቆመ፣ አንቀጽ ሦስት ነውና ከወንበርዎ እንዳይነሡ። ደግነቱ እርስዎ በአካል እዚያው ነዎት፤ ለራስዎ የመውጫ ፈቃድ ሲጽፉ ከስምዎ በታች ፍቅርአዲስ ደረሰ ብለው ይጨምሩልኝ።