መርፌው በሚያርፍበት ሰዓት የአባቴ መዶሻ ይነሣ

ለዝምታ ቀጠና አስተዳደር ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ባሉበት

ቀን፦ መጋቢት 9

አመልካች፦ ከምርምር ተቋሙ አጥር ጋር በሚዋሰነው ቤት የሚኖረው የቆርቆሮ ሠሪው ልጅ

ጉዳዩ፦ በአባቴ ላይ የተጻፈው ማስጠንቀቂያ እንዲነሣ፣ ከሰዓት በኋላ ቆርቆሮ እንዲቀጠቅጥ እንዲፈቀድለትና ወደ ቤቱ እንዲመለስ ስለመጠየቅ

ክቡር ሆይ፣

ይህን ወረቀት አንብበው እስኪጨርሱ ለሚያልፈው ጊዜዎ አስቀድሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ። እኔ ትምህርቴን ስምንተኛ ላይ ያቆምኩ ሰው ነኝ። በትክክል ለመናገር እኔ አላቆምኩትም፤ በጋራ ስምምነት ተለያየን። ስለዚህ አንዳንድ ቦታ ላይ ቋንቋዬ ከወንበሩ ተነሥቶ ከቆመ እንደ ንቀት እንዳይቆጠርብኝ።

1. የሰፈሩ ሰው ሹክሹክታ ይለኛል። ስሙን ያወጡልኝ ስናገር ሦስት ቤት አልፎ ስለሚሰማ ነው። አባቴ ቆርቆሮ ሠሪ ነው፤ ባልዲ፣ ገንዳ፣ ማንቆርቆሪያ፣ የጭስ ማውጫ ይሠራል። እናቴ ካረፈች ወዲህ በቤቱ የቀረነው ሁለታችን ነበርን። አሁን ሒሳቡ ይበልጥ ቀለለ፤ እኔ ብቻ ነኝ።

2. ከጓሯችን ያለው የምርምር ተቋም አንዲት አቶም ለማስቀመጥ የማይነቃነቅ መሬት ያስፈልገዋል ተብሎ፣ መንገዳችን ባለፈው ዓመት የዝምታ ቀጠና ሆነ። መኪና በሌላ በኩል እንዲዞር ተደረገ። ወፍጮ ቤቱ ተነሣ፤ እንጨት ቤቱም ተከተለው። ልብስ ሰፊዋ እትዬ «እኔ እኮ የምሰፋው በመኪና እንጂ በመትረየስ አይደለም» ብላ ብትከራከርም የሰማት የለም። አባቴም መዶሻውንና መቀሱን ጭኖ ከከተማው ዳር ለባለሙያዎች ወደተሠራው ሼድ ተዛወረ። የቀጠናው መመሪያ የሚያዛውረው ባለሙያን ብቻ ሲሆን፣ ሼዱ ውስጥ ያለችው መኝታም ለአንድ ሰው ናት። እኔ ደግሞ ባለሙያ አይደለሁም። አባዬ «የአንተ እጅ ከብረቱ ይልቅ ሰውን ይነካካል» ብሎ ገና ድሮ ከሥራው አሰናብቶኛል። በዚያ ላይ ባዶ የተገኘ ቤት ለጽሕፈት ቤትዎ ገቢ ይሆናል ስለተባለ፣ ቀን ገበያ ውስጥ ዕቃ እየተሸከምኩ ማታ ማታ የቤት ጠባቂ ሆኜ ቀረሁ።

3. ዝምታ ጥሩ ነገር ነው ይባላል። እንዲህ የሚሉት ሲሰለቻቸው ሬዲዮ መክፈት የሚችሉ ሰዎች ናቸው። በእኛ መንገድ ግን የቧንቧው ጠብታ እንኳ ስም ያለው ሰው ሆኗል። የማሾፍበት ሰው አጣሁ። የተቋሙ ዘበኛ አሉ፤ እርሳቸው ግን ተረብ ሲሰሙ መዝገብ ላይ ይጽፉታል እንጂ መልስ አይሰጡም። ብቻን መተረብ ደግሞ ኳስን ከግድግዳ ጋር እንደመጫወት ነው። ግድግዳው አያሸንፍም፣ አይሸነፍም፣ «እናቴ እየጠራችኝ ነው» ብሎም ጥሎ አይሄድም።

4. በዚህ ላይ እንዳለሁ በወሩ መጀመሪያ ከጽሕፈት ቤትዎ ለአባቴ ማስጠንቀቂያ ደረሰው። ሁለት ክስ አለበት። ከክሱ በታች አባቴ ወሩ ሳያልቅ በግቢያችን ያለውን የሥራ ቤቱን ለዘለቄታው መልቀቁን እንዲፈርም፣ ካልፈረመ ደግሞ በሼዱ ያገኘውን ቦታ ጭምር እንደሚያጣ ይገልጻል። አባዬ ሊፈርም ነው። ከፈረመ የሥራ ቤቱ ይታሸጋል፤ ወደ ቤት የሚመለስበት ምክንያትም አብሮ ይታሸጋል። የምቸኩለው ለዚህ ነው። ለሁለቱም ክሶች መልሴ የሚከተለው ነው።

5. የመጀመሪያው ክስ «ከቤቱ ምሽት ላይ የመዶሻ ድምፅ ተሰምቷል» ይላል። እውነት ነው፣ ተሰምቷል። መዶሻ ግን አልነበረም፤ አባቴም ሼዱ ውስጥ ነበር። ሊሄድ ሰሞን ገንዳ ሲቀጠቅጥ በስልኬ ቀድቼው ነበር። የቀዳሁት ለቁም ነገር አልነበረም፤ የስልክ ጥሪ አድርጌው ገበያ መሃል ሰው ላስደነግጥበት ነበር። አሁን እራት ስቀርብ እከፍተዋለሁ። በእኛ ቤት እራት የሚቀርበው አባዬ የመጨረሻውን ጠርዝ እያጠፈ ሳለ ስለነበር፣ ያ ድምፅ ከሌለ ጉሮሮዬ እህል አላሳልፍም ይለኛል። ቅጂው መጨረሻ ላይ አባዬ «አንተ! ያን ስልክ አስቀምጥና ይችን ጫፍ ያዝልኝ!» ይላል። እስካሁን ድረስ እዚያ ሲደርስ ከወንበሬ ብድግ እላለሁ።

ዘበኛው የሰሙት ይህንኑ ነው። ተቋሙ ከአጥሩ ሥር የቀበረው የመሬት ንቅናቄ መለኪያ አለ፤ በዚያ ምሽት የሣለው መስመር ይታይልኝ። ድምፅ ነበረ፣ ንቅናቄ አልነበረም። ከስልክ የወጣ መዶሻ መሬት አያንቀጠቅጥም። ያንቀጠቀጠው ነገር ካለ እኔን ነው፤ ይህ ደግሞ በመመሪያው ውስጥ አልተከለከለም።

6. ሁለተኛው ክስ «የተቋሙን ሥራ አራክሷል» ይላል። ይህ የእኔ ሥራ ነው፤ አባቴ አያውቀውም። ባዶ የክብሪት ቀፎ ወስጄ በላዩ ላይ «የጠፋች አቶም ተገኝታለች፤ ሲከፍቱ እንዳይተነፍሱ» ብዬ ጻፍኩና ለዘበኛው ሰጠሁ። ዘበኛው በሁለት እጃቸው ተቀበሉኝ። «ወሮታ የለውም እንዴ አባባ?» ስላቸው «ተመዝግቦ ይታያል» አሉኝ። በማግስቱ ቀፎው ተመለሰ። ጀርባው ላይ ባማረ የእጅ ጽሕፈት የሚከተለው ሰፍሯል፦ «የእኛ አቶም ፎስፈረስ ናት። ክብሪት የሚጫርበት ጎን ላይ ደግሞ ፎስፈረስ አለ። ስለዚህ ያመጣኸው አንዲት ሳይሆን ቆጥረን የማንዘልቀውን ነው። የምንፈልገው አንዲት ብቻ ስለሆነች ትርፉን መልሰናል።»

ክቡር ሆይ፣ መንገዳችን ዝም ካለ ወዲህ ተረቤን የመለሰልኝ የመጀመሪያው ሰው ይህ ነበር። ቀፎውን ኪሴ ከትቼ ገበያ ወጣሁና ለማላውቀው ሰው ሁሉ አሳየሁ።

7. ይህን የጻፈችው በተቋሙ ውስጥ አቶሟን የሚያስቀምጠውን መርፌ የምትመራው ባለሙያ ሆና ተገኘች። ከገበያ ለምሳ ቤት ስመለስ በአጥሩ ቀዳዳ አየችኝና «ባለ ክብሪቱ አንተ ነህ?» አለችኝ። «እኔ ነኝ፤ አንቺስ ባለ መርፌዋ ነሽ? የሸሚዜ ቁልፍ ተበጥሷል» አልኳት። «እኔ ዓይንህ የሚያየውን አልሰፋም» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ አንዳንድ ቀን ምሳዋን አጥሩ ሥር ቁጭ ብላ ስትበላ የምትሠራውን አስረድታኛለች። የገባኝን ያህል ላስፍር።

ትራንዚስተር ማለት የኤሌክትሪክ በር ነው። ሲከፈት አንድ፣ ሲዘጋ ዜሮ ይባላል፤ ኮምፒውተርም ስልክም የሚያስቡት በዚሁ መክፈትና መዝጋት ነው። በአንድ ስልክ ውስጥ እንዲህ ያለ በር በቢሊዮን ይቆጠራል። የአባቴን መዶሻ አኑረው በየምሽቱ የሚመልሱልኝም እነሱ ናቸው። ሆኖም እያንዳንዱ በር የአቶም ጭፍራ ነው። የእነሱ ጥረት በሩን ከአንዲት አቶም መሥራት ነው። በሩ የሚሠራበት ሲሊኮን የሚባል ንጥረ ነገር ገጹ በሃይድሮጅን ይለበጣል፤ የመርፌው ጫፍ ጥቂት ሃይድሮጅን እየነቀለ ቦታ ያዘጋጃል፤ ፎስፈረሷ እዚያ ትቀመጣለች። ከዚህ ያነሰ በር አይታሰብም፤ ግማሽ አቶም አስቀምጦ «በሩ ይኸው» የሚል የለምና። ከተሳካ እጅግ ጥቂት ኃይል የሚበላ ማሽን ይወጣል ብለው ተስፋ ያደርጋሉ። ከዚያም አልፎ በአንድ ጊዜ ክፍትም ዝግም በሚሆን በር የሚያስብ፣ ዛሬ ያሉት ኮምፒውተሮች ዕድሜ ልካቸውን የማይጨርሱትን ሒሳብ የሚሞክር ማሽን ሊመጣ ይችላል አለችኝ። በአንድ ጊዜ ክፍትም ዝግም የሆነ በር መኖሩ እኔን አልደነቀኝም፤ የጽሕፈት ቤትዎን በር አውቀዋለሁና። (ይህን ዓረፍተ ነገር ልሰርዘው ነበር፤ ንጹሕ ወረቀት አልቆብኛል።)

8. ዋናው ነጥብ እዚህ ላይ ነው። መርፌው የሚሠራው ጠዋት ነው። ያን ጊዜ እነሱ ራሳቸው በካልሲ ይሄዳሉ፤ እኔም በጠዋት አላስነጥስም። ቀትር ላይ አቶሟ ቦታዋን ከያዘች በኋላ በላይዋ ሌላ ሲሊኮን ይለብስባታል። ከተቀበረች ወዲያ ማንም አያነቃንቃትም። ቀጥሎ እጅግ ብርቱ ማቀዝቀዣ ውስጥ ገብታ ትለካለች። «ታዲያ ከሰዓት በኋላ አባዬ ቢቀጠቅጥስ?» ብዬ ጠየቅኋት። «የማቀዝቀዣችን ፓምፕ ከአባትህ ይብሳል፤ እሱን ማን ሼድ ያስገባልን?» አለችኝ። «መመሪያው ታዲያ ለምን ቀኑን ሙሉ ይላል?» አልኳት። «ቀኑን ሙሉ ብሎ መጻፍ ይቀላላ!» እሷ ፈቃድ የመስጠት ሥልጣን የላትም። ጽሕፈት ቤትዎ ከጠየቃት ግን ይህንኑ በጽሑፍ እንደምትመልስ ነግራኛለች።

አንድ ነገር ሳልጨምር አላልፍም። «አንዲት አቶም ብቻዋን ምን ልትሠራላችሁ ነው?» አልኳት፤ ልስቅባት አስቤ። «ብቻዋንማ ምንም አትሠራም» አለችኝ። በግራና በቀኝ መንገድ ይሠራላታል፤ የሚከፍታትና የሚዘጋት መስመርም በጎኗ ይቀርብላታል። ኤሌክትሮን ከአንዱ ጎረቤት ተነሥቶ በእሷ በኩል ወደ ሌላው ሲያልፍ ነው ትራንዚስተር የምትባለው። ጎረቤቶቿ ከራቁባት ማንም አያልፍባትም። በቦታዋ አለች፣ አልጠፋችም፣ ግን ያለች አቶም ናት፣ በቃ። እኔም የዚያን ቀን «ምሳሽን ጨርሺ» ብዬ ገባሁ።

9. አባቴ መጀመሪያ በየእሑዱ ይመጣ ነበር። አንድ እሑድ ልማድ ጎትቶት የሥራ ቤቱን ከፈተና፣ እዚያው የቀረችውን አሮጌ መዶሻ በጨርቅ ጠቅልሎ አንድ የተጎዳ ባልዲ መታ መታ አደረገ። ምንም አልተሰማም። «አባዬ፣ ባልዲውን እሹሩሩ እያልከው ነው እንዴ?» አልኩት። ፈገግ አለ። ባልዲው ተቃንቷል። እሱ ግን አገላብጦ አየውና «የሌላ ሰው ሥራ መሰለኝ» ብሎ አስቀመጠው።

ከዚያ ወዲህ አልመጣም። ስደውልለት «ሥራ በዝቶብኝ ነው» ይለኛል። ነገር ግን ሼዱ ያለበት ቦታ ባልዲ የሚገዛ መንገደኛ አያልፍበትም፤ እኔም በስልኩ ውስጥ ጆሮዬን ጥዬ ስሰማ መዶሻ የለም። የእኛ መንገድ ዝም ያለው ለአቶሟ ሲባል ነው፤ ይሁን። የእሱ ዝምታ ግን ለማን እንደሚጠቅም አላወቅሁም። በእኔ በኩል «ውሸታም» ብዬ ልተርበው አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ተውኩት።

ስለዚህ ጽሕፈት ቤትዎ፦

ሀ) የመጀመሪያው ክስ በመለኪያው መስመር ተጣርቶ እንዲሰረዝ፤ የክብሪቱ ክስ ደግሞ ከአባቴ ላይ ተነሥቶ በእኔ ስም እንዲዞር፤ ቅጣቱን እቀበላለሁ፤

ለ) ጉዳዩ እስኪታይ አባቴ እንዲፈርም የተሰጠው ቀን እንዲራዘም፤

ሐ) አባቴ አንድ ከሰዓት በኋላ በሥራ ቤቱ ገንዳ እንዲቀጠቅጥና የመለኪያው መስመር በባለሙያዋ ፊት እንዲታይ፤ ጉዳት ካልተገኘ በየቀኑ ከቀትር በኋላ እንዲሠራ እንዲፈቀድለት በትሕትና እጠይቃለሁ።

ጉዳት ከተገኘ ግን አባቴ ይፈርም። አልከራከርም። ያኔ ቤቱን ለጽሕፈት ቤትዎ አስረክቤ ከእሱ ጋር ሼዱ ውስጥ እንድኖር ይፈቀድልኝ። ሁለተኛ መኝታ አልጠይቅም፤ ወለሉ ይበቃኛል። የቆርቆሮውንም ጫፍ እይዝለታለሁ።

ውሳኔዎን በስልክ ወይም በዘበኛው መዝገብ በኩል ባይልኩልኝ ደስ ይለኛል። ሰው ይላኩልኝ። ፈቅደውም ሆነ ከልክለው ይሁን፣ የሚመጣው ሰው ጠዋት ከደረሰ በአንድ ጣቱ፣ ከሰዓት በኋላ ከደረሰ ግን በሙሉ እጁ በሩን ይምታልኝ። እስኪመጣ ገበያ አልወጣም፤ እኔ ቤት ነኝ።

ከአክብሮትና ከአንድ ሰው ሙሉ ሰላምታ ጋር፣

(ፊርማ)
የቆርቆሮ ሠሪው ልጅ፣ ሹክሹክታ

ግልባጭ፦
— ለባለ መርፌዋ፣ በአጥሩ ቀዳዳ
— ለአባቴ፣ ብዕር ከማንሣቱ በፊት እንዲያነበው