ጫማህ ደርቆ አደረ

ሙሌ ሆዴ፣

የሽንፋ ወንዝ አንተን ከነጠቀኝ ትናንት ዓመት ሞላህ። እንደምን ከረምክ ልልህ ብዬ ተውኩት፤ ክራሞትህን እኔው አውቀዋለሁና ወደ ኋላ እነግርሃለሁ።

መጀመሪያ የቤቱን ልንገርህ። ሻይ ቤቱን አልዘጋሁም፤ በሩን ወደ መኪናው መንገድ አዞርኩት፣ የሚያፈሰውም ቆርቆሮ ተቀይሯል። ባንተ ፋንታ ፊዚክስ የሚያስተምር ወጣት ከጎንደር መጥቷል። ጨዋ ልጅ ነው፤ ግን ተማሪዎቹን አያስቅም። አንተ የሰሊጥ ነዶ ተሸክመህ ክፍል ገብተህ ስለ ጊዜ ስታስተምር ርእሰ መምህሩ በመስኮት አይቶ፣ ራሱን ነቅንቆ መሄዱን እስካሁን ያወሩታል።

ዓመቱን ሙሉ አስሮ የያዘኝ ያ ትምህርትህ ነው። የታጨደ ሰሊጥ ነዶው ተደጋግፎ ቆሞ ሂላ ይሆናል፤ እኩል ሳይደርቅ ቢገለብጡት ፍሬው አይራገፍም። ጊዜም እንደዚሁ ነው ትል ነበር። አንድ ነገር የሚያልፈው ቀኑ ሲመሽ ሳይሆን የአገሩ ሰው ሁሉ በአንድ ቃል ሲያወራው ነው፤ ወሬው እስከተለያየ ድረስ ነገሩ እዚያው በሆነበት ቦታ ገና እየሆነ ነው። ለዚህም ነው እኛ ቆላ ምንም ነገር የማያልፈው አልክ፤ ከጎጃምና ከወሎ ለአረምና ለአጨዳ የሚወርደው ሠራተኛ በየዓመቱ የወሬውን ግማሽ ይዞ ይሄዳላ። ይህን ለማረጋገጥ ሁለት የግድግዳ ሰዓት ገዛህ። አንዱን ቤት ሰቀልክ፤ ሌላውን ደግሞ የጭነት መኪናው የተገለበጠበት፣ ሰው በምክንያቱ ዛሬም የማይስማማበት ኩርባ ላይ። ኩርባው ላይ ያለው ወደ ኋላ ቀረ ብለህ እየሮጥክ ስትመጣ ባትሪው ይሆናል ብዬ ሳቅኩብህ። አኮረፍከኝ፤ ራትህንም አልበላህም።

አሟሟትህን ማንም አላየም። ያገኙት ግራሩ ሥር ያወለቅከውን ኮንጎ ጫማ ነው፤ አንተን ደግሞ ውሃው ሲጎድል ከታች። ከዚያ ወሬው በዛ። ውሃ የወሰደው በሬ ሊያወጣ ገብቶ ነው ያለ አለ፣ ከማዶ ሰው ጠርቶት ነው ያለም አለ። እኔ ጫማህን ከበሩ ጀርባ አኖርኩት። አርባህ ካለፈ በኋላ አንድ ጠዋት ቤት ስጠርግ እርጥብ ሆኖ አገኘሁት። በማግስቱም እንደዚያው። ጥር አልፎ፣ በየካቲት ሙቀት ዶሮው አፉን ከፍቶ ሲያለከልክ እንኳ ጫማህ ውስጥ ውሃና የወንዝ አሸዋ ነበር። አልፈራሁም ሙሌ። ደስ አለኝ። ወደ ቤት እየመጣ ነው አልኩ።

ከዚያ ወዲያ ሥራዬ ወሬህ እንዳይገጥም ማድረግ ሆነ። ለጎጃሞቹ ሻይ እየቀዳሁ የበሬውን አወራሁላቸው፤ ለወሎዎቹ ከማዶ የጠራህን ሰው። ወደ አብደራፊ ለሚያልፍ የትራክተር ሾፌርማ ጭራሽ አልሞተም፣ በመተማ በኩል ሱዳን፣ ገላባት ተሻግሮ ነው አልኩት። እነሱም ምን በወጣቸው፣ እየጨማመሩበት ይዘውት ሄዱ። እኔም ጠዋት ጠዋት እርጥብ ጫማህን እየዳሰስኩ ከረምኩ።

ለሙት ዓመትህ እናትህ ከደንቢያ ወረዱ። በየመንገዱ ያንተን አሟሟት በየዓይነቱ ሲሰሙ ነው የደረሱት። እንዲጽናኑ ብዬ ጫማውን አሳየኋቸው፤ ትምህርትህንም እንደ ገባኝ አስረዳኋቸው። ውሃውን በጣታቸው ነኩት።

«እንዲህ ከሆነማ ልጄ እስካሁን እየሰጠመ ነዋ» አሉኝ።

አንተ ያልከው ልክ ከሆነ እሳቸውም ልክ ናቸው። ወደ እኔ እየመጣህ አልነበረም፤ ዓመቱን ሙሉ ውሃው አፍህ ላይ ነበር፣ የያዝኩህም እኔ ነበርኩ።

ትናንት ከቤተ ክርስቲያን መልስ ድንኳኑ እንደሞላ ተነስቼ ተናገርኩ። ዕድርተኛው ነበረ፣ ለአረም የወረደው ሠራተኛም ነበረ። በሬ አልነበረም፣ የጠራውም ሰው የለም አልኳቸው፤ እዚህ ፀሐይ ነበር፣ ደጋ ላይ ግን ዘንቦ ኖሯል፤ ውሃው ከጉልበት የማያልፍ መስሎት ጫማውን አውልቆ ገባ፣ ደራሽ ጎርፍ መጣና ወሰደው። የሚጠይቃችሁ ካለ እንዲህ ብቻ በሉልኝ ብዬ ለመንኳቸው። መጀመሪያ እናትህ ቃል በቃል ደገሙት፤ ከዚያ አጠገባቸው ያሉት፣ ከዚያ ድንኳኑ በሙሉ። እውነቱ ያ ይሁን አይሁን አላውቅም ሙሌ። ያን የመረጥኩት ከሁሉም ቶሎ የሚያልቀው እሱ ስለሆነ ነው።

ሌሊቱን ዝናቡ ሲያወርደው አደረ። ዛሬ ጠዋት ግድግዳው ሳይቀር ረጥቧል፤ ጫማህ ግን ደርቋል።

አልረሳህም። ሳቅህንና ኩርፊያህን ለፈለገ ሁሉ እንደ መጣልኝ አወራዋለሁ፤ እሱ ቢለያይም አይጎዳህም። አሟሟትህን ግን እስክከተልህ ድረስ በአንድ ቃል ነው የምናገረው።

ይህን ልጽፍልህ ከመቀመጤ በፊት በጣሳ ውሃ ይዤ ከበሩ ጀርባ ቆሜ ነበር። ትንሽ፣ ጠብታ ብቻ ላድርግበት ብዬ። ብዙ ቆምኩ። ከዚያ ውሃውን ደጅ ደፋሁት።

ያንተው ትርንጎ