ድንኳን የተከለልኝ ሰው

ይድረስ ለውዱ አባቴ፣ ባሌ ሮቤ።

አባባ፣ እንደምን ከረሙ? ጉልበትዎስ እንዴት ነው? ብርዱ በርትቷል ሲሉ ሰምቻለሁና ያንን ወፍራም ጋቢ ሳይደርቡ እንዳይወጡ። እማማስ ዓይኗን ተሻላት? ወንድሜ ኪሩ አጨዳውን ጨረሰ? እኔና ልጄ ሩቲ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ደህና ማለቴ እንበላለን፣ እንተኛለን፣ ጠዋት ተነስቼ ሥራ እገባለሁ።

በስልክ ድምፅሽ ጠፋብኝ ያሉኝ እውነትዎን ነው። ባለቤቴ ወንዲ ከሞተ ወዲህ ያው ነኝ። ሹራቡ ዛሬም ከበሩ ኋላ እንደተሰቀለ ነው፤ አላነሳሁትም፣ አላለቀስኩበትም። ሰው ጠንካራ ናት ይለኛል። ኧረ ምን ጥንካሬ አለኝ፣ ደንዝዤ ነው እንጂ።

ሱሉልታ ወረዳ ፍርድ ቤት ስሾም የመከሩኝን ያስታውሳሉ? ዳኛ ዕድር አይገባም፣ ድንኳን ውስጥ አብሮሽ የተቀመጠ ሁሉ አንድ ቀን ባለጉዳይሽ ነው ብለውኝ ነበር። ወንዲ ደግሞ፣ ታዲያ ስሞት ችሎቱ ሊቀብረኝ ነው ወይ ብሎ እየሳቀ እዚህ ቡራዩ የሠፈሩ ዕድር ውስጥ አስገባን። ከወረዳ ወደ ከፍተኛ፣ ከዚያም ወደ ክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሳልፍ ሁለታችሁንም ያስደሰትኩ ይመስለኝ ነበር። ዕድርተኛ ሆንኩ፣ ከማንም ቤት ግን ውኃ አልጠጣሁም።

በወንዲ ለቅሶ ድንኳኑን የተከለው ኦቦ ሊቤ የሚባል የዕድራችን ሰው ነው። ቤቱ በገፈርሳ በኩል ነው። ተክሎ አልሄደም፤ አግዳሚ ሲያወጣና ሲያስገባ፣ ለቀስተኛ ሲያስተናግድ ሰነበተ። ከዚያ ሰሞን ብዙ ነገር አላስታውስም። ዳኛዬ፣ ኧረ ትንሽ ይቅመሱ እያለ ሳህን ይዞ ፊቴ መቆሙን ግን አስታውሳለሁ። ከእጁ በላሁ።

በሚያዝያ ወር፣ ሦስት ዳኞች ሆነን በተሰየምንበት ችሎት አንድ የይግባኝ መዝገብ ተጠራ። ይግባኝ ባዩ የወንድሙ ልጅ ቤቱን ሸጦበት፣ ገዢው ልቀቅ ያለው ሰው ነው። መዝገቡን ቀደም ብዬ አንብቤ፣ የሥር ፍርድ ቤት ምስክሮቹን በወጉ ስላልሰማለት ፍርዱ መሻር አለበት ብዬ ነበር። ቀና ስል የቆመው ኦቦ ሊቤ ነው። መዝገቡ ላይ ያለው ሠፈር የማናውቀው የመታወቂያ ስሙ ስለሆነ እሱ መሆኑን አላወቅኩም ነበር። ሲያየኝ ፊቱ በራ። ሰው አገኘሁ ብሎ ነው።

ማንም ሳይጠይቀኝ ከጉዳዩ ተነሳሁ። ሐዘኔን የተሸከመልኝ ሰው ላይ ዳኛ ሆኜ ልቀመጥ አልችልም። በቦታዬ ሌላ ዳኛ ተተካ። ባልደረባዬ ሐኒ እንደኔው ፍርዱ ይሻር ብላ በልዩነት ወጣች፤ ሌላውና የተተካው ግን አጸኑት። እኔ ብቀመጥ ኖሮ ከሐኒ ጋር ሁለት እንሆን ነበር፣ ቤቱም ይተርፍ ነበር። ሰበር ችሎትም አቤቱታው አያስቀርብም ብሎ መለሰው።

ኦቦ ሊቤ ቤቱን ለቆ ፉሪ ኪራይ ሲገባ ሊሰናበተኝ መጣ። ግባ ብለው በር ላይ ቀረ። ዳኛዬ፣ ያኔ ድንኳኑን ባልተክል ኖሮ በጉዳዬ ይቀመጡ ነበር ወይ ብሎ ጠየቀኝ። አዎ አልኩት። ራሱን ነቅንቆ፣ እሺ፣ ደህና ይሁኑ ብሎኝ ሄደ። በሩን ዘግቼ የሩቲን ምሳ ዕቃ አጠብኩ። ማልቀስ ነበረብኝ አይደል አባባ? ምንም አልመጣ አለኝ።

አሁን የወንዲ ሙት ዓመት ደርሷል። ኦቦ ሊቤ ድንኳኑን የምተክለው እኔ ነኝ፣ ሌላ ሰው እንዳይጠሩ ብሎ በዕድሩ ሰብሳቢ በኩል ልኮብኛል። መዝገቡ ተዘግቷልና ሕጉ አይከለክለኝም። ስልኬን ግን አነሳና መልሼ አስቀምጠዋለሁ። አንቱ ያኔ መክረውኝ ነበር፣ አሁንም ይምከሩኝ። ይምጣ ልበለው? ሳህኑን ይዞ ፊቴ ሲቆምስ እንዴት አድርጌ እበላለሁ?

የእማማን ጉልበት ይሳሙልኝ። ለኪሩና ለባለቤቱ ለሶፊ፣ ለጎረቤታችን ለእትዬ ሙሉዬም ሰላምታዬ ይድረሳቸው። ሩቲ አያቶቿን እጅ ነስታለች። ደግሞ አባባ፣ ገበያ በወጡ ቁጥር ልጄ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ናት የሚሉትን ለጥቂት ጊዜ ይተዉልኝ።

ልጅዎ ብርሃነሽ
ቡራዩ፣ ጥር 14 ቀን 2017 ዓ.ም.